መርዶ ያረዳሁበት የታሚል ፊልም

የጡረታ ደብተሬ ላይ የሥራ መደቤ «ትኬት ቆራጭ» ይላል። ሐሰት ነው። ትኬት የቆረጥኩት ስቀጠርና ኋላ ለቅጣት ስመለስ ብቻ ነው። በቀረው ዘመኔ በአምቦ ከተማ ሲኒማ ቤት ማይክራፎን ይዤ የህንድ ፊልም አስተረጉም ነበር፤ ከዚያም ውስጥ ስሜ የተነሣበት፣ የታሰርኩበትም የሙታን ፊልም ነው። መዝገብ ቤት ሄጄ ይስተካከልልኝ ብል ጸሐፊዋ «እማማ፣ እንዲህ የሚባል መደብ የለም» አለችኝ። የለም ካላችሁ እኔው እጽፈዋለሁ ብያት ወጣሁ።

የተቀጠርኩት አብዮቱ ሊፈነዳ ጥቂት ወራት ሲቀሩት ነው። አምቦ ያኔ በወረቀት ሀገረ ሕይወት ትባል ነበር፤ እኛ ግን አምቦ ከማለት ቦዝነን አናውቅም። የሲኒማ ቤቱ ባለቤት ከደቡብ መጥተው የከተሙ ሙስሊም ነጋዴ ነበሩ፤ ፊልም ሲመጣ ሳጥኑን ከአውቶቡስ ጣሪያ ራሳቸው ያወርዱ ነበር። አዳራሹ ሲወረስ የተሾመብን ሥራ አስኪያጅ ደግሞ ፊልሙ በየትኛው አቅጣጫ እንደሚዞር ሳያውቅ ተሹሞ ሳያውቅ ተሻረ። ደመወዜን አልናገርም፤ እኔም ሳየው አፍር ነበር።

ሰው ያደረጉኝ ማሽን ቤት የሚሠሩት ኦቦ ሌንጂሳ ናቸው። ፊልም ከመንካታቸው በፊት እጃቸውን እስከ ክርናቸው በሳሙና ታጥበው በነጭ አቡጀዲ ያደርቃሉ። ከዚያ ዓይናቸውን ይጨፍኑና የፊልሙን ጠርዝ በሁለት ጣታቸው መካከል ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ያሳልፋሉ። የተሰነጠቀ ካለ ጣታቸው ያውቀዋል። ስንጥቁን በምላጭ ፍቀው፣ ማጣበቂያ ቀብተው፣ ጫፍና ጫፉን ይዘው «አባታችን ሆይ»ን እስኪጨርሱ አይለቁትም። እጃቸው ላይ ሰዓት ታስሮ እያለ ማለት ነው። አንዴ በሰዓቱ ለክቼ ልቀቁት ብላቸው «ሰዓት ይቸኩላል» አሉኝ።

ሌላው ልማዳቸው ፊልም አለማየት ነው። ብርሃኑን የሚሰጡትን ሁለት የካርቦን ዘንጎች እያቀራረቡ በትንሿ መስኮት ቁልቁል የሚመለከቱት ተመልካቹን ነበር። «ሸራውን ማሽኑ ያየዋል» ይሉ ነበር፤ «እኔ የማየው ሰው ነው። ሰው ሲደክመው አውቃለሁ፣ ሲዋሽም አውቃለሁ።»

የቀድሞው አስተርጓሚ ዘመቻ ሄዶ ሲቀር ማይክራፎኑን የሰጡኝ እሳቸው ናቸው። ትኬት ስሸጥ ድምፄ ገበያ ድረስ ይሰማል ብለው ነው። ሕጋቸው አጭር ነበር። ዘፈን ላይ አትናገሪ። ተዋናዩ ትንፋሽ ሲወስድ ግቢ፣ ሳይጨርስ ውጪ። ማይክራፎኑን አገጭሽ ሥር ያዢው እንጂ ከንፈርሽ ላይ አትለጥፊው፤ ከተለጠፈ የሚሰማው የአንቺ ድምፅ ነው፣ የፊልሙ አይደለም። ሰው ሲፈራ ደግሞ ዝም በይ፤ ፍርሃት አስተርጓሚ አይፈልግም።

ሂንዲውን በልምድ እየገመትኩ እወጣው ነበር። አንድ ዓርብ ግን ለሙከራ የከፈትነው ፊልም አንዲት ቃል እንኳ አልገባኝ አለ። ሚስተር ሴልቫምን አስጠራሁት። የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቱ የሂሳብ መምህር ነው፤ ረጅም፣ ዓይን አፋር፣ አማርኛውን እየቆጠበ የሚናገር ሰው። ፊልሙ መናገር ሲጀምር ከወንበሩ ብድግ አለ።

«አስካለ፣ ይሄ ሂንዲ አይደለም። ታሚል ነው። የእናቴ ቋንቋ!»

«ህንድ አይደለህም እንዴ?» አልኩት፤ ሞኝነቴ።

«ህንድ ነኝ። ሂንዲ ግን አልችልም። አምቦ ከመጣሁ አራት ዓመቴ ነው፤ ያየኝ ሁሉ በሂንዲ ዘፈን ሰላም ይለኛል። አንድ ሰው እንኳ ቋንቋህ ምንድን ነው ብሎ አልጠየቀኝም።»

ኦቦ ሌንጂሳ ከማሽን ቤት ሆነው ሳቁ። «አይዞህ ወንድሜ፣ እኛም አዲስ አበባ ስንወርድ እንደዚሁ ነን» አሉት። ከዚያን ቀን ጀምሮ ሚስተር ሴልቫም የኔ መዝገበ ቃላት ሆነ። ዓርብ ከሰዓት ደብተር ይዞ ይመጣል፣ የእያንዳንዱን የፊልም ጥቅል ንግግር ያስረዳኛል፣ እኔ እሑድ እናገረዋለሁ።

ከዚያ በኋላ በየጊዜው የደረሱን የታሚል ፊልሞች ብዙዎቹ የሙት ፊልሞች ነበሩ፤ ሙቷን «ፔይ» ይሏታል። የፊተኞቹ ጥቁርና ነጭ ናቸው። ነጭ የለበሰች ሴት በጉም ውስጥ መብራት ይዛ እየዘፈነች ትሄዳለች፣ ሰው ይበረግጋል፤ መጨረሻ ላይ ግን ሙት አይደለችም። በሕይወት ያለች ልጅ ናት፤ ርስቷን የቀሟትን ዘመዶቿን ለማጋለጥ ሙት መስላ የምትዞር። ጉደር ሄደን ይህን ስናሳይ አንድ ሽማግሌ ተነሥተው «ታዲያ ካልሞተች ሲያስደነግጡን ያመሹት ለምንድን ነው? ገንዘባችንን መልሱ!» ብለው አዳራሹን በሳቅ አፈረሱት።

የኋለኞቹ ባለቀለም ናቸው። በእነዚህ ሴቲቱ እውነት ሞታለች። ገድለዋታል፤ ዳኛ አልፈረደላትም፤ ስለዚህ በእህቷ ወይም በጎረቤቷ ላይ አድራ ትመጣለች፤ ከበሮ ይመታል፣ ሎሚ ይቆረጣል፣ ቅጠል ይነሰነሳል፣ በሌላ ሰው አፍ «እኔ እገሊት ነኝ» ትላለች። ይህን ለአምቦ ሰው ማስረዳት አላስፈለገኝም። ዛርም አያናም የሚያውቅ አገር ነው። የሚጠይቁኝ አንድ ነገር ነበር፤ «በደሏ ምንድን ነው?»

ለምን እንደተለወጠ ሚስተር ሴልቫምን ጠየቅሁት። «በአባቴ ዘመን ፊልም የሚሠሩት የተማሩ ሰዎች ነበሩ» አለኝ። «በመንፈስ ማመን ያሳፍራቸዋል፤ ስለዚህ ሙቷን በመጨረሻ ሕያው ያደርጓታል። አሁን ትኬት የሚገዙት የመንደር ሴቶች ናቸው። እነሱ ፍርድ ቤት ደጅ ጠንተው ያጡትን ከሙቷ ይጠብቃሉ። ሕያው ናት ብትያቸው ይናደዳሉ።»

የሙት ፊልም የሞኞች ነው የሚሉ የተማሩ ሰዎች ዛሬም አሉ። ባለሥልጣን ደጅ ቆሞ ያላደረ ሰው እንደዚያ ቢል አልፈርድበትም። እኔ ግን ከማሽን ቤቱ መስኮት ሥር ቆሜ አይቻለሁ፤ ሙቷ ወንጀለኛውን በስሙ ስትጠራ ወንበር ላይ የቀረ ሴት የለም።

እንግዲህ ጓድ መኩሪያ የሚገባው እዚህ ላይ ነው። የከተማው የፖለቲካ ኃላፊ ነበር፤ እስካሁን አንቱ ብዬው አላውቅም፣ አሁንም አልልም። ከፊተኞቹ ፊልሞች አንዱን አይቶ በጣም ወደደው። «ይሄ ሳይንሳዊ ነው፤ መንፈስ የለም፣ የመደብ ሴራ ነው ያለው!» አለ። ከዚያ ትእዛዝ አወጣ። ማናቸውም የሙት ፊልም እንደዚያ ተደርጎ ይተርጎም፤ ሙቷ በመጨረሻ ሕያው መሆኗ ይነገር። ፊልሙ ምን ይላል ብሎ የጠየቀ የለም።

በአዳራሹ ሦስተኛ ረድፍ፣ ምሰሶው አጠገብ፣ ሁልጊዜ የሚቀመጡ አንዲት ሴት ነበሩ፤ አዴ ቀነኒ። ጌሾ ሻጭ ናቸው። አንድ ልጃቸው ገመቹ ተማሪ ሳለ በዚያ ክፉ ጊዜ ከቤት ተወስዶ ነበር። በተወሰደ ሳምንት መገደሉን ከተማው ሁሉ ያውቃል፤ አብሮት ታስሮ የተፈታ ልጅ ተናግሯል። እሳቸው ብቻ አያውቁም። በእኛ አገር ሞት ዝም ብሎ አይነገርም። መርዶ ወግ አለው፤ ጎረቤት ይሰበሰባል፣ ሽማግሌ ይመጣል፣ ሰውዬውን ግራና ቀኝ የሚይዝ ይዘጋጃል፣ ከዚያ መርዶው ይነገረዋል። ለገመቹ ግን ማልቀስ ተከልክሎ ነበር። ያለቀሰ የእሱ ወገን ነው ይባላል። ስለዚህ የሚያረዳ ጠፋና አራት ዓመት አለፈ። አዴ ቀነኒ ልጃቸው አለም ሞተም ሳይሉ፣ በየእሑዱ ሲኒማ ገብተው ያለቅሱ ነበር። በህንድ ፊልም ያለቀሰን ማን ይጠይቃል?

አንድ ቀን የጉድጓዱ ፊልም የምንለው መጣ። አንድ የባለርስት ልጅ አንዲት ልጃገረድ ገድሎ ውኃ ጉድጓድ ውስጥ ይጥላታል። እናቷ ልጅሽ ኮብልላለች ተብላ ዓመታት ትጠብቃለች። ሙቷ በታናሽ እህቷ አድራ «አጥንቴን አውጡልኝ፣ እናቴ ታልቅስልኝ» ትላለች። መጨረሻ ላይ ጉድጓዱ ተቆፍሮ አጥንቷ ይወጣል፣ እናትየዋ ታለቅሳለች፣ አለቀ።

ጓድ መኩሪያ ፊት ወንበር ላይ ተቀምጦ ነበር። እኔም ፈራሁ። ሰበብ አላበዛም፤ ፈራሁ። አጥንቱ ሲወጣ ማይክራፎኑን ይዤ «ይህ የበግ አጥንት ነው፤ ልጅቷ አልሞተችም፤ ከተማ ውስጥ በሕይወት አለች፣ አንድ ቀን ትመለሳለች» አልኩ። ሸራው ላይ እናት ደረቷን እየደቃች፣ እኔ ብስራት እናገራለሁ። ሰው አጉረመረመ፣ አፏጨ። አዴ ቀነኒ ግን ተነሥተው ቆሙ። እልል አሉ።

በማግስቱ ስንቅ ቋጥረው እስር ቤቱ በር ላይ ቆሙ። በሦስተኛውም ቀን፣ በሳምንቱም። ዘበኞቹ መጀመሪያ አባረሯቸው፤ ኋላ አንዱ ምግቡን ተቀብሎ «ይደርሰዋል» እያለ ይበላው ጀመር። አንድ ቀን ሲኒማ ቤቱ በር ላይ አገኙኝ። ላማቸውን ሸጠው አዲስ ጫማ ገዝተዋል።

«አካም ጅርታ፣ አስካለ» አሉኝ ሰላምታ ሲሰጡኝ፤ ከዚያ ጫማውን አሳዩኝ። «በቁጥር ከፍ አድርጌ ነው የገዛሁት። አራት ዓመት ነው፤ እግሩ አድጎ ይሆናል። ያበሰርሽኝ አንቺ ነሽ፣ ዋቃ ይባርክሽ።»

በሕይወቴ እንደዚያን ቀን ራሴን ጠልቼ አላውቅም። ማሽን ቤት ሮጬ ገባሁና ለኦቦ ሌንጂሳ ነገርኳቸው። እጃቸውን እየታጠቡ ነበር፤ መታጠባቸውን አላቆሙም።

«መርዶ የሚያረዳ በጠፋበት ከተማ ብስራት ነጋሪ ተገኘ» አሉ።

«ምን ላድርግ?»

«ፊልሙ ወደ አዲስ አበባ የሚመለሰው ሰኞ ነው። እሑድ ከሰዓት ለመጨረሻ ጊዜ ይታያል። በትክክል ንገሪው።»

«መኩሪያ ይመጣል።»

«እኔም እመጣለሁ» አሉ።

ቅዳሜ የአዴ ቀነኒን ሁለት ጎረቤቶችና አንድ የሰፈራቸውን ሽማግሌ ቤታቸው ድረስ ሄጄ አነጋገርኳቸው። ነፃ ትኬት አልሰጠሁም፤ ለመርዶ የሚመጣ ሰው ራሱ ከፍሎ ይመጣል አሉኝ። እሑድ ጎረቤቶቹ ምሰሶው አጠገብ አዴ ቀነኒን ግራና ቀኝ ይዘው ተቀመጡ፤ ሽማግሌው ከኋላቸው። ጓድ መኩሪያ የተለመደ ቦታው ላይ እግሩን አነባብሮ ተቀመጠ።

በማይክራፎን የሚነገረው አማርኛ ብቻ እንዲሆን አለቆቻችን ይፈልጉ ነበር፤ እኔም እንደዚያው አደርግ ነበር። የዚያን ቀን ሕያዋኑን ሁሉ በአማርኛ አናገርኳቸው። ሙቷ በእህቷ አፍ መናገር ስትጀምር ግን በኦሮምኛ አናገርኳት። አስቤ ነው ያደረግሁት። ማደሪያዋን ነገረች፣ የገዳይዋን ስም ነገረች፣ እናቷን ጠራች። ጉድጓዱ ተቆፈረ። አጥንቱ ወጣ።

«ኢሺን ዱቴርቲ» አልኩ። «ሞታለች። ይህ የሰው አጥንት ነው፤ የእሷ ነው። እናቷ ከእንግዲህ ታልቅስ።»

ጓድ መኩሪያ ብድግ አለ። «አቁሚ! ማሽኑን አጥፉ!» እያለ ወደ ማሽን ቤቱ ደረጃ ሮጠ። የብረት በሩ ከውስጥ ሲቆለፍ ሰማሁ። ኦቦ ሌንጂሳ ማሽኑን አላጠፉም፤ ድምፁን ከፍ አደረጉት። መኩሪያ በሩን ይደበድባል፣ ሸራው ላይ ከበሮው ይመታል።

አዴ ቀነኒ ተነሡ። ወደ ሸራው አይደለም የዞሩት፤ ወደ እኔ ነው።

«አስካለ! ኢልሚ ኮ ሆ? ልጄስ?»

ይህን ጥያቄ ስጠብቅ ነበር የሰነበትኩት። ለመጀመሪያ ጊዜ የኦቦ ሌንጂሳን ሕግ ጥሼ ማይክራፎኑን ከንፈሬ ላይ ለጠፍኩት። የእኔ ድምፅ እንዲሰማ ፈለግሁ፤ የተናገርኩት እኔ መሆኔን ማንም እንዳይስተው።

«ኢኒስ ዱኤራ፣ አዴ ቀነኒ። ገመቹም ሞቷል። የዛሬ አራት ዓመት፣ በተወሰደ ሳምንት ሞቷል።»

ጎረቤቶቹ እጃቸውን ያዟቸው። ከደረታቸው የወጣውን ጩኸት ልገልጸው አልችልም፤ አልሞክርም። ከዚያ ከኋላ ረድፍ ሌላ እናት ተነሥታ የሌላ ልጅ ስም ጠራች። ከበረንዳው በኩል ሌላ ስም ተጠራ። አንድ ወንድ የወንድሙን ስም እያለ ወንበር ይደበድብ ጀመር። አራት ዓመት የተከለከለ ለቅሶ በአንድ ከሰዓት ፈሰሰ፤ ከበሩ ላይ የቆሙት ጥበቃዎች ኮፍያቸውን አውልቀው ነበር።

በዚያው ዕለት ታሰርኩ። ጓድ መኩሪያ ራሱ መረመረኝ።

«ሞታለች በይ ብሎ ማን አዘዘሽ?»

«ፊልሙ።»

«ፊልሙ አማርኛ አይናገርም! ኦሮምኛም አይናገርም!»

«ታሚል የሚችል ሰው ከተማው ውስጥ አለ፤ ጠይቀው።»

ሚስተር ሴልቫምን አስጠራው። የውጭ አገር ሰው ነው፣ ኮንትራቱ በአንድ ፊርማ ይቀደዳል፤ ፈርቶ ቢክድ አልቀየመውም ነበር። መነጽሩን አወለቀ፣ ጠረገው፣ መልሶ አደረገው። «ሞታለች» አለ። «ሌላ መልስ የለውም።» በዓመቱ መጨረሻ ኮንትራቱ ሳይታደስ ቀረና ወደ አገሩ ሄደ። ከታሚል የተማርኩት ሁሉ የእሱ ነው።

ሁለት ወር ታሥሬ ተፈታሁ። ኦቦ ሌንጂሳን አልነኳቸውም፤ ማሽኑን የሚያንቀሳቅስ ሌላ ሰው አልነበራቸውም። እኔ ለቅጣት ወደ ግንጪ ተዛወርኩ፤ የፊልም ቡድኑ በወር ሁለቴ ሲመጣ ከጭልሞ ጫካ እንጨት ሲቆርጡ ለሚውሉ ሠራተኞች ትኬት እየቆረጥኩ ዓመታት ቆየሁ። ኋላ ጓድ መኩሪያ ተዛውሮ ሲሄድ ወደ አምቦ መልሰው ማይክራፎኔን ሰጡኝ። የታሚል ሙቶችም በበኩላቸው ተለውጠው ጠበቁኝ። በከበሮ ፈንታ የኤሌክትሪክ ሙዚቃ መጥቷል፤ አንዳንዱ ፊልም ላይ ሴቷ አምላክ ራሷ ጦር ይዛ ትወርዳለች፣ አንዳንዱ ላይ መንፈስ የሚባል የለም፣ የሚያስፈራው ጤነኛ የሚመስል ሰው ነው። ሚስተር ሴልቫም ስላልነበረ ብዙውን በግምት ተወጣሁት፤ አንድ ነገር ግን አልገመትኩም፤ የሞተን ሞተ አልኩ። ቪዲዮ ቤት በየጥጉ ሲከፈት አዳራሹ ባዶውን ቀረ፤ መንግሥትም ተለወጠ፤ የኔም ዘመን አበቃ።

ወደ ግንጪ ከመሄዴ በፊት ግን ከእስር እንደወጣሁ በቀጥታ የሄድኩት አዴ ቀነኒ ቤት ነው። ጥቁር ለብሰዋል፣ ጸጉራቸውን ተላጭተዋል። ለቅሶው በጠራራ ፀሐይ፣ በድንኳን፣ ሳይፈቀድ ተቀምጦ እንደነበር ሰምቻለሁ። አሁን ጥቂት ሴቶች ብቻ አብረዋቸው ነበሩ። ገብቼ ልቀመጥ ስል እጃቸውን አነሡ።

«ቁሚ» አሉኝ።

ቆምኩ።

«መጀመሪያ አለ አልሽኝ። ላሜን ሸጥኩ፣ በር ላይ ቆሜ ዝናብ መታኝ፣ የልጄን ስንቅ ዘበኛ በላው። ኋላ ደግሞ ሞቷል አልሽኝ። ሁለቱም በአንድ አፍ የወጣ ነው። የትኛውን ልመንሽ?»

«የኋለኛውን፣ አዴ ቀነኒ።»

«ለምን?»

«የፊተኛውን ያዘዘኝ ሰው ነበር፤ ፈርቼ ተናገርኩት። የኋለኛውን ማንም አላዘዘኝም። የታሰርኩትም በኋለኛው ነው። ነገም ቢጠይቁኝ እሱኑ እላለሁ።»

ይቅር ይሉኛል ብዬ አልጠበቅሁም፤ እሳቸውም ይቅር ብዬሻለሁ አላሉም፤ እስኪሞቱ ድረስም ብለውኝ አያውቁም። ከአጎዛው ላይ ትንሽ ጠጋ አሉና ባዶ የቀረውን ቦታ በመዳፋቸው መታ መታ አደረጉት።

«ታኢ» አሉኝ። ተቀመጪ።